አጠገባችን ያለውን ሰው እናውቀዋለን?

በአዲስ አበባ በአንድ ቀን ከስንት ሰው ጋር ትከሻ ለትከሻ እንገፋፋለን? በታክሲ ሰልፍ፣ በአውቶቡስ ወንበር፣ በገበያ ግርግር ቁጥር የለውም። ከእነዚህ ሁሉ ግን የስንቱን ስም እናውቃለን?

ባለፈው ሰሞን ባልና ሚስት ሆነን ከመርካቶ ወደ ጀሞ በአውቶቡስ ስንመለስ ከጎናችን የተቀመጡ አንዲት እናት የመንገዱን መጨናነቅ አንስተው ያጫውቱን ጀመር። ልጃቸው ለሥራ ጅዳ እንደሄደች፣ እሳቸውም የመርካቶ ሰፈራቸውን ለቀው ኮንዶሚኒየም ከገቡ ወዲህ ብቻቸውን እንደሚኖሩ ነገሩን።

«መርካቶ የምመላለሰው ለሸቀጥ አይደለም ልጆቼ፤ በስሜ የሚጠራኝ ሰው እዚያ ስላለ ነው» አሉን።

ስንወርድ ፌስታላቸውን ተቀብለን እንሸኛቸው አልን። መንገዳቸው መንገዳችን፣ ብሎካቸውም ብሎካችን ሆኖ ተገኘ! እኛ ሁለተኛ ፎቅ፣ እሳቸው አራተኛ። ሦስት ዓመት ሙሉ በአንድ ደረጃ ወጥተን ወርደናል። ሰላም ብለናቸው እናውቅ እንደሆነ እንኳ ማስታወስ አቃተን። አፈርን።

ከ1990ዎቹ መጨረሻ ወዲህ በተስፋፉት የጋራ መኖሪያ ቤቶች ብዙው ሰው ከየሰፈሩ በዕጣ ተሰባስቦ ነው የገባው። በድሮው ሰፈር ውኃው፣ ግቢው፣ እድሩ የጋራ ስለነበር ሰው ሁለት ቀን ቢጠፋ «ምን ነካው?» ይባላል። ዛሬ በር ከተዘጋ ማን ይጠይቃል? ችግሩ የእኛ ከተማ ብቻም አይደለም። የዓለም ጤና ድርጅት ያቋቋመው ኮሚሽን እ.ኤ.አ. በ2025 ባወጣው ሪፖርት በዓለም ከ6 ሰዎች 1ዱ በብቸኝነት እንደሚጠቃ ገልጿል።

የአውቶቡስ ጨዋታ መልካም ነው፤ የአንድ ቀን ልብ ያሳርፋል። ነገር ግን ፌርማታው ሲደርስ ያልቃል። ብቸኛ ሰው የሚሻው ሲታመም በሩን የሚያንኳኳለት ነው። የጎረቤት ሐቅ ስንል የምናወራው ስለዚሁ አይደለምን?

አሁን ቅዳሜ ቅዳሜ ቡናችንን አራተኛ ፎቅ እንጠጣለን። እናታችን መርካቶ መሄዳቸውን አልተዉም፤ የዕድሜ ልክ ሰፈር በአንድ ስኒ ቡና አይተካም። ሆኖም ከደረጃው ሥር ስማቸውን የሚጠራ ሰው አላቸው።

እስኪ እናንተም ዛሬ ማታ ወደ ቤት ስትገቡ ፊት ለፊታችሁ ያለውን በር አንኳኩ። ስም መጠየቅ ገንዘብ አያስወጣም።