ሃያ ፍሬ ባቄላ

መካነ ሰላም ገበያ ጤፍ ይዞ የወጣን ገበሬ «ለፋሲካ ጤፍ ስንት ይገባል?» ብትሉት «እሱን ፈጣሪ ነው የሚያውቀው» ይላችኋል። እውነቱን ነው። ጥያቄውን ግን ለወጥ አድርጉት። ሃያ ፍሬ ባቄላ ስጡትና ሦስት ቦታ ያስቀምጠው፦ ዋጋው ይረክሳል ብሎ የሚያስበውን ያህል አንድ ቦታ፣ ባለበት ይቆማል የሚለውን ያህል ሌላ ቦታ፣ ይወደዳል የሚለውን ያህል ሦስተኛው ላይ። በልቡ ያለው በዓይን ይታያል።

አንዱ ገበሬ 1፣ 18 እና 1 አድርጎ አስቀመጠ እንበል። ጎረቤቱ ደግሞ 7፣ 6 እና 7። የሁለቱም ግምት መሐሉ ያው ነው፤ የተለያየው የፍሬው መበተን ነው። ኢኮኖሚስቶች እርግጠኛ አለመሆን የሚሉትም ይህን መበተን ነው። ብዙ ሰው ከዋጋ መወደድ ጋር ያምታታዋል። ውድ ሆኖ የረጋ ዋጋ ኪስ ይጎዳል፤ የሚዋልል ዋጋ ግን ዕቅድ ያፈርሳል። የባቄላው ዘዴ አዲስ አይደለም፤ በህንድና በአፍሪካ ገጠሮች ተመራማሪዎች ማንበብና መጻፍ የማይችሉ ሰዎችን ግምት በባቄላና በጠጠር ሲለኩ ቆይተዋል።

እርግጠኛ አለመሆንን በዓለም ደረጃ የሚለካው መለኪያ ግን ሌላ መንገድ ይከተላል። ሂትስ አሂር፣ ኒኮላስ ብሉምና ዳቪዴ ፉርቼሪ ያዘጋጁት ይህ መለኪያ ኢትዮጵያን ጨምሮ 143 አገሮችን ይሸፍናል። ኢኮኖሚስት ኢንተለጀንስ ዩኒት ስለ እያንዳንዱ አገር በሚያወጣው ሪፖርት ውስጥ እርግጠኛ አለመሆንን የሚገልጸው የእንግሊዝኛ ቃል ስንት ጊዜ እንደተጻፈ ይቆጥራል። ብልህ ዘዴ ነው፤ አገር ከአገር ለማነጻጸርም ያስችላል። ብሔራዊ ባንክ ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብርን ምንዛሪ ለገበያ ሲለቅ እንደነበረው ያለ ትልቅ ለውጥ ለእንዲህ ዓይነት ሪፖርት ዋና ጉዳይ ነው። የለጋምቦ ደጋ በልግ መቅረቱ ግን እዚያ ሪፖርት ላይ አንድ ቃል የሚጨምር አይመስለኝም። ለደጋው ገበሬ ደግሞ ከየካቲት እስከ ግንቦት የሚጠብቀው ዝናብ የገብሱ ዕጣ ነው። ምንዛሪውም ቢሆን ቤቱ ድረስ ይመጣል፤ ማዳበሪያ በዶላር ነው የሚገዛው።

ባቄላው የተበተነበት ሰው ምን ያደርጋል? ይጠብቃል። እህሉን ከጎተራ አያወጣም፤ ባሕር ዛፉን ሳይቆርጥ ያቆየዋል። ሁለተኛ በሬ መግዛቱን ለከርሞ ያሳድርና ዘንድሮም ከጎረቤቱ ጋር ተቀናጅቶ ያርሳል። ይህ ስንፍና አይደለም። በሬ ገዝቶ በሁለተኛው ወር በኪሳራ ከመሸጥ መቆየት ይሻላል። ግን መቆየትም ዋጋ አለው፦ ተራ ሲጠብቁ ማሳው በወቅቱ ሳይታረስ ይቀራል፤ የበሬ ነጋዴውም ገበያ ይቀዘቅዝበታል። አንድ ቤት ሲጠብቅ ጥንቃቄ ነው፤ ወረዳው ሁሉ ሲጠብቅ ገበያው ይደርቃል።

የዋጋ ግሽበትን የኢትዮጵያ ስታቲስቲክስ አገልግሎት በየወሩ ይነግረናል፤ እሱ ግን ያለፈውን ነው የሚያሳየው። ሰው ስለ ወደፊቱ ያለው ግምት ምን ያህል እንደተበተነ ከመካነ ሰላም፣ ከአቀስታና ከወግዲ ገበያ መሰብሰብ ከባድ ሥራ አይደለም። መቅደላ አምባ ዩኒቨርሲቲ እዚያው አካባቢ ነው፤ የገበሬ ልጆችም ይማሩበታል። በልግ ሲገባ አንዴ፣ ክረምት ሲገባ አንዴ ተማሪዎቹ ባቄላ ይዘው ገበያ ቢወጡ፣ ግብርና ጽሕፈት ቤቱ ዘርና ብድር መቼና የት መቅደም እንዳለበት ከመከራው በፊት ያውቃል። እባካችሁ ጀምሩት።