ትናንት የነበረው ድምፅ ዛሬ የት ገባ?

ለጓደኛዬ ሰርግ አንድ ሙዚቃ እያቀናበርኩ ነበር። ማታ ሲንተሳይዘሩን አፕዴት አደረግኩ፤ ጠዋት ስከፍተው የክራሩ ድምፅ የለም። «ፕለጊኑ አልተገኘም» ይለኛል። ሰርጉ ሁለት ቀን ነው የቀረው!

እስቲ ምን እንደተፈጠረ እንይ። ሶፍትዌር ሲንተሳይዘር ድምፅን በሒሳብ የሚፈጥር ፕሮግራም ነው። በፕለጊን መልክ ሲመጣ ግን ራሱን ችሎ አይሠራም፤ እንደ ሪፐር ወይም ኤፍኤል ስቱዲዮ ያለ ማቀናበሪያ ጠርቶ ወደ ራሱ ሜሞሪ ያስገባዋል። ሁለቱ ከሚግባቡባቸው ደንቦች አንዱ ቪኤስቲ ነው፤ ያወጣው ስታይንበርግ የተባለው የጀርመን ኩባንያ ነው፣ እ.ኤ.አ. በ1996።

የምታስቀምጡት የሙዚቃ ፋይል ታዲያ ሲንተሳይዘሩን አይዝም። እንደ ወጥ አሠራር ማስታወሻ ነው፦ «በርበሬ ሁለት ማንኪያ» ይላል እንጂ በርበሬው ውስጡ የለም። ስለዚህ ድምፁ ሲጠፋ አትደንግጡ፤ ማስታወሻው አለ። ግን በላዩ ላይ ሴቭ እንዳታደርጉ! መጀመሪያ ፋይሉን ኮፒ አድርጉ። ከዚያ አንድ በአንድ ፈትሹ።

ቦታው፦ ማቀናበሪያው የሚፈልገው በተወሰኑ ፎልደሮች ውስጥ ነው። አሮጌው ቅጂ ሌላ ፎልደር ውስጥ ቀርቶ ከሆነ፣ አፕዴት አድርጋችሁም አሮጌው ሊከፈት ይችላል።

ዓይነቱ፦ ባለ 64 ቢት ማቀናበሪያ ባለ 32 ቢት ፕለጊን በቀጥታ መጫን አይችልም። አፕል እ.ኤ.አ. ከ2020 ጀምሮ የራሱን ቺፕ በማክ ውስጥ ስላስገባ፣ ለኢንቴል ብቻ የተሠሩ ፕለጊኖችም እዚያ ላይ ያስቸግራሉ።

አጫጫኑ፦ ማቀናበሪያው ክፍት ሆኖ አፕዴት ካደረጋችሁ፣ ዊንዶውስ በሥራ ላይ ያለ ፋይል እንዲተካ አይፈቅድም። ዝጉት፣ እንደገና ጫኑ፣ ከዚያ ፕለጊኖቹን እንደ አዲስ ስካን አስደርጉ። አንዳንድ ማቀናበሪያዎች አንዴ ያልተከፈተላቸውን ፕለጊን መዝግበው ስለሚያልፉት፣ ካልታዘዙ ዞር ብለው አያዩትም።

የእኔስ? አዲሱ አፕዴት ቪኤስቲ 3ን ብቻ ነበር የጫነው፤ ፋይሌ የሚፈልገው ግን ቪኤስቲ 2ን። ለእኛ አንድ ሲንተሳይዘር ነው፤ ለማቀናበሪያው ግን መለያቸው የተለያየ ነበር። አሮጌውን ስመልሰው ክራሩ ወዲያው ጮኸ።

አሁን ከአፕዴት በፊት እያንዳንዱን ድምፅ ወደ ዌቭ ፋይል ቀይሬ አስቀምጣለሁ። ዌቭ ፕለጊን አይጠይቅማ! እናንተም ዛሬውኑ ጀምሩ፤ ሰርግ እስኪደርስ አትጠብቁ።