ሳይቃጠል በቅጠል፤ ስለ መኪና ፊውዝ ጥቂት ነገር

የሕግ ተማሪ ሳለሁ «ሕግን አለማወቅ ከተጠያቂነት አያድንም» የሚለውን መርህ በቃላችን እንወጣው ነበር። መኪናን አለማወቅም ከተጠያቂነት እንደማያድን የገባኝ ግን ዲግሪዬን ከያዝኩ ከብዙ ዓመታት በኋላ ነው። ያውም ክፍል ውስጥ ሳይሆን በአንድ የነሐሴ ምሽት፣ በኢተያና በአሰላ መካከል፣ ጭጋግ ውስጥ ቆሜ።

ስለዚህ ዛሬ ስለ ፍርድ ቤትም ስለ ምክር ቤትም አልጽፍም። የምጽፈው ጥፍር ስለምታክል አንዲት ፕላስቲክ ነው። ፊውዝ ትባላለች። አንባቢ «ሰውዬው ዓምዱን ጋራዥ አደረገው» ቢለኝ አልቀየምም፤ መጨረሻው ላይ ወደ ሕጉ መመለሴ አይቀርም።

ከአዳማ አሰላ 75 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። መንገዱ አዋሽ መልካሳን፣ ዴራን፣ ኢተያን፣ ጎንዴንና ቁሉምሳን እያለፈ ሽቅብ ይወጣል። አዳማ ላይ በሸሚዝ የተነሳ ሰው አሰላ ሲደርስ ጋቢ ያምረዋል፤ ከተማዋ ከባሕር ጠለል በላይ 2,400 ሜትር ገደማ ላይ ናትና። በክረምት ደግሞ ከጭላሎ በኩል የሚመጣው ጭጋግ በስንዴውና በገብሱ ማሳ ላይ ተኝቶ አስፋልቱንም አብሮ ይውጠዋል።

የምነዳው ዕድሜ የጠገበች ቶዮታ ኮሮላ ነበረች። የእህቴ ልጅ ከጎኔ ተቀምጣለች፤ የአራት ዓመት ልጇ ጋቢ ተደርቦላት ኋላ ወንበር ላይ ተኝታለች። ኢተያን እንዳለፍን የክሩስኮቱ መብራት ጠፋና የፍጥነት መለኪያው አልታይ አለኝ። የፊት መብራቱ ግን ይሠራል። «አንዷ ትንሽ አምፖል ተቃጥላ ይሆናል» ብዬ ጉዞዬን ቀጠልኩ። ጎንዴ ሳንደርስ ከኋላዬ የፍሬን ጩኸት ሰማሁ። አንድ አይሱዙ የጭነት መኪና ለጥቂት ስቶን ክላክሱን እያስጮኸ አለፈንና ከፊታችን ቆመ።

ሹፌሩ ዕድሜያቸው ከእኔ ከፍ ያለ፣ ኮፍያ ያጠለቁ ሰው ናቸው። «ወንድሜ፣ ይቺን ልጅ ይዘህ ሞት ፈልገህ ነው?» አሉኝ። «የኋላ መብራት የለህም እኮ! ፍሬን ካልያዝክ በስተቀር አትታይም።» እኔም ወርጄ አየሁ። እውነታቸውን ነው፤ የመኪናዬ ጀርባ እንደ ጭጋጉ ጠፍቷል።

«የክሩስኮት መብራትህስ?» ብለው ጠየቁኝ። ከጠፋ አሥር ደቂቃ እንደሆነው ነገርኳቸው። «እንግዲያው ፊውዝ ነው» አሉ።

እዚህ ላይ ታሪኩን ገታ ላድርገውና ያኔ የማላውቀውን፣ አሁን ግን የማውቀውን ልንገራችሁ።

ፊውዝ ምን ትሠራለች?

መኪና ውስጥ ኤሌክትሪክ ከባትሪው ተነስቶ በሽቦ ወደ መብራቱ፣ ወደ ክላክሱ፣ ወደ ዝናብ መጥረጊያውና ወደ ሬዲዮው ይሄዳል። እያንዳንዱ ሽቦ እንደ ውፍረቱ የሚችለው ጭነት አለው። ከዚያ በላይ ሲያልፍበት ይግላል፤ ሽፋኑ ይቀልጣል፤ ከዚያም እሳት ይነሳል። ፊውዝ በሽቦው መንገድ ላይ ሆን ተብሎ የተቀመጠች ደካማ ቦታ ናት። በውስጧ ያለችው ቀጭን ብረት ከሽቦው ቀድማ ቀልጣ መንገዱን ትቆርጣለች። ስለዚህ ፊውዝ ስትቃጠል ሥራዋን ሠራች እንጂ ተበላሸች አይባልም።

ስሌቱ ቀላል ነው። እያንዳንዳቸው 55 ዋት የሆኑ ሁለት የፊት አምፖሎች ድምራቸው 110 ዋት ነው። ለ12 ቮልት ስናካፍለው 9 አምፔር ገደማ ይመጣል። መሐንዲሱ ለዚህ መስመር 15 አምፔር ፊውዝ ቢያስገባ በደህናው ጊዜ ሳትቃጠል ትቆያለች፤ ሽቦው ተልጦ ከመኪናው አካል ጋር ሲነካካ ግን ወዲያው ትቆርጣለች። ባትሪው በእንዲህ ያለ ጊዜ በመቶዎች የሚቆጠር አምፔር ሊለቅ ይችላል። 12 ቮልት ሰው አይገድልም ብለን የምንንቀው ባትሪ ሽቦን እስኪቀላ ማጋል አያቅተውም።

መጠኗን ቀለሟ ይናገራል። በተለመደው ባለ ሁለት እግር ጠፍጣፋ ፊውዝ ፈዛዛው ቡኒ 5፣ ደማቁ ቡኒ 7.5፣ ቀዩ 10፣ ሰማያዊው 15፣ ቢጫው 20፣ ቀለም የሌለው 25፣ አረንጓዴው 30 አምፔር ነው። ቁጥሩም ራሷ ላይ ተጽፏል። የድሮ ቮልስ ያለው ሰው የሚያገኘው ሌላ ዓይነት ነው፤ እንደ ጥይት ሾጠጥ ያለች የሸክላ ፊውዝ ስትሆን ነጯ 8፣ ቀይዋ 16 አምፔር ናት።

የት ትገኛለች?

በአብዛኞቹ የቤት መኪኖች ሁለት የፊውዝ ሳጥን አለ። አንዱ ሹፌሩ እግር አካባቢ፣ ከክሩስኮቱ ሥር ወይም ጫፍ ላይ ነው። ሌላው ኮፈኑ ሲከፈት ባትሪው አጠገብ የሚገኘው ጥቁር ሳጥን ነው። መሪው ከቀኝ ወደ ግራ የዞረ መኪና ከሆነ ግን የውስጠኛው ሳጥን በተሳፋሪው በኩል ቀርቶ ሊሆን ይችላል። የትኛዋ ፊውዝ የምን እንደሆነች የሚያሳይ ሥዕል ብዙውን ጊዜ ክዳኑ ጀርባ ላይ አለ። ክዳኑ የጠፋበት ወይም ጽሑፉ የማይነበብበት ሰው አንድ ቀን ከኤሌክትሪክ ሠራተኛ ጋር ተቀምጦ በአማርኛ ይጻፈው፤ በስልኩም ፎቶ ያንሳው። ጭጋግ ውስጥ የሚጀመር ጥናት አያዋጣም።

የተቃጠለችው የትኛዋ እንደሆነች ለመገመት አብረው የጠፉትን ነገሮች ማየት ይጠቅማል። በብዙ መኪኖች የኋላው መብራት፣ የታርጋው መብራትና የክሩስኮቱ መብራት በአንድ ፊውዝ ሥር ናቸው። ስለዚህ የማታ ተጓዥ ሆይ፣ ክሩስኮትህ ከጨለመ ወርደህ ኋላህን እይ። እኔ ያንን ባውቅ ኖሮ አይሱዙው ለጥቂት አይስተኝም ነበር። አንድ የፊት መብራት ብቻ ከጠፋ ግን ከፊውዙ በፊት አምፖሉን ጠርጥሩ።

እንዴት ትቀየራለች?

መጀመሪያ መኪናውን ከመንገድ አውጥቶ ማቆምና የእጅ ፍሬን መያዝ ነው። ሞተሩን አጥፍቶ ቁልፉን መንቀል፣ የመብራቱንና የሌላውንም ማብሪያ መዝጋት ይከተላል። ሳጥኑ ውስጥ ብዙ ጊዜ አንዲት የፕላስቲክ መቆንጠጫ አለች፤ ፊውዟን በእሷ ይዞ ቀጥ አድርጎ መሳብ ነው። ካቻቢቴ እየሰደዱ መፈንቀል አጠገብ ያለውን ነክቶ ሌላ ጣጣ ያመጣል።

የወጣችውን ፊውዝ በብርሃን ሲያዩዋት መካከሏ ያለችው ብረት ተበጥሳ ወይም ፕላስቲኳ ጠቁሮ ከሆነ ተቃጥላለች። በዓይን የማይታይ ስንጥቅም ስላለ መለኪያ ያለው ሰው ቢለካት ይመረጣል። የምትተካው አንድ ዓይነት ቅርጽና አንድ ዓይነት አምፔር ያላት ናት። 15 ከነበረች 15። 20 አይደለም፤ 30 ጨርሶ አይደለም። መጠባበቂያ ከሌለ ለጊዜው ከማያስፈልግ መስመር፣ ለምሳሌ ከሲጋራ መለኮሻው፣ ያው አምፔር ካላት መበደር ይቻላል። ከፍሬን መብራት፣ ከፍሬን ሥርዓትና ከኤርባግ መስመር ግን መበደር አይገባም።

አዲሷ ወዲያው ከተቃጠለችስ? እዚያ ላይ ማቆም ነው። ሁለተኛዋም ከሄደች ችግሩ ሽቦው ወይም ዕቃው ላይ ነው፤ ሦስተኛ መክተት ትርፉ ኪሳራ ነው። በብሎን የታሰሩት ትልልቅ ዋና ፊውዞችም የባለሙያ ሥራ ናቸው። በ2016 ዓ.ም. መንግሥት በነዳጅ የሚሠሩ የቤት መኪኖችን ማስገባት ከከለከለ ወዲህ የበዙት የኤሌክትሪክ መኪኖችም ለመብራትና ለመሳሰለው የሚሆን ባለ 12 ቮልት መስመርና ትንንሽ ፊውዞች አሏቸው። ብርቱካናማ ቀለም ያላቸውን ወፍራም ሽቦዎቻቸውን ግን ማንም ሰው በቤቱ እንዳይነካ። እሱ ሰው የሚገድል ኃይል ነው።

የሲጋራ ወረቀት

አሁን ወደ ጎንዴ መንገድ ልመለስ። የሹፌሩ ረዳት በስልኩ መብራት ሳጥኑን ከፍቶ ሰማያዊዋን 15 አወጣት፤ ተበጥሳለች። ሹፌሩ ከሲጋራ መለኮሻው ሌላ 15 አስነቅለው ተኩባት። መብራቱን ሳበራው የኋላው ቦግ ብሎ ድርግም አለ። ሁለተኛዋም ሄደች።

ረዳቱ ቅን ልጅ ነው፤ ሊረዳኝ ፈልጎ «ጋሼ፣ የሲጋራ ብርማ ወረቀት አለኝ፤ ጠቅልዬ ልክተትልዎት? አሰላ ድረስ ያደርስዎታል» አለኝ። እውነቱን ልናገር፤ መሽቷል፣ ይበርዳል፣ ይዘንባል። «ጠቅልላት» አልኩት።

ሽማግሌው እጁን ያዙት። «ሽቦው በየት በኩል እንደሚሄድ ታውቃለህ?» አሉኝ፤ ልጁን ሳይሆን እኔን። አላውቅም። «በበሩ ሥር፣ በምንጣፉ ሥር አልፎ፣ ልጅቷ በተኛችበት ወንበር ጎን ነው ወደ ኋላ የሚሄደው። ከወንበሩ ሥር ደግሞ ያለው የቤንዚን ታንከር ነው። ወረቀቱ አይበጠስም፤ ሽቦው ነው የሚነደው።»

ያደረግነው ይህን ነው። አራቱም ፍሬቻዎች አንድ ላይ የሚበሩበት የአደጋ ምልክት በሌላ ፊውዝ ስለሚሠራ እሱን አበራሁ። አይሱዙው መብራቱን አብርቶ ከኋላዬ ተከተለኝ። በሠላሳ ኪሎ ሜትር ፍጥነት እየተሳብን አሰላ ገባን። ሹፌሩ ለሻይ እንኳን አልወርድም ብለው ወደ በቆጂ ቀጠሉ። ስማቸውን አለመጠየቄ እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

በማግስቱ አሰላ አንድ የመኪና ኤሌክትሪክ ሠራተኛ መስመሩን ተከትሎ ችግሩን በግማሽ ሰዓት አገኘው። ወደ ታርጋው መብራት የሚሄደው ሽቦ የኋላ ኮፈኑ መታጠፊያ ላይ፣ ክዳኑ በተከፈተና በተዘጋ ቁጥር እየተፈተገ ተልጦ ብረቱን ይነካ ነበር። አንድ ስንዝር ሽቦ ቀይሮ በደንብ ሸፈነውና አዲስ 15 ከተተ። ያቺ መኪና ከዚያ በኋላ በዚያ መስመር ፊውዝ አላቃጠለችም።

ሕጉስ ምን ይላል?

ያን ሌሊት እንቅልፍ የነሳኝ ግን ሽቦው አልነበረም። የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕጋችን አንቀጽ 2081 የተሽከርካሪ ባለቤት መኪናው ላደረሰው ጉዳት ኃላፊ ነው ይላል። አንቀጽ 2086 ደግሞ መውጫውን ያጠበዋል። ጥፋት አልፈጸምኩም፣ የጉዳቱ ምክንያት አልታወቀም ወይም ለመከላከል አልቻልኩም ማለት ባለቤቱን ነፃ አያወጣውም፤ የተጎጂው የራሱ ጥፋት ካልሆነ በቀር። ሁለት ተሽከርካሪዎች ሲጋጩ አንቀጽ 2084 የሚነሳው ሁለቱም እኩል አስተዋጽኦ አድርገዋል ከሚል ግምት ነው። ሆኖም አደጋው በሙሉ ወይም በአብዛኛው የአንደኛው ሹፌር ጥፋት መሆኑ ከተረጋገጠ ግምቱ ይፈርሳል። የኋላ መብራት ሳይኖረኝ በጭጋግ ስነዳ ያ አይሱዙ ቢገጨኝ ኖሮ ጥፋተኛው ማን ይሆን ነበር? ይህንን ለመመለስ ዳኛ አያስፈልገኝም።

የብር ወረቀቱስ? ወረቀቱን ያመጣው ልጅ ነው፤ «ጠቅልላት» ያልኩት ግን እኔ ነኝ። ጋራዥ ስንሄድም እንዲሁ ነው። «እንዳይቃጠል ትልቁን አድርግልኝ» የምንለው እኛው ባለመኪናዎቹ ነን። ባለሙያውም ደንበኛ እንዳይመለስበት ብሎ 15 የነበረውን 30 ያደርገዋል። መብራቱ ስለሚበራ ተመስግኖ ይሸኛል። ዓመታዊው ምርመራ ተደርጎ ቦሎው ሲለጠፍም ይህ ላይታይ ይችላል፤ በዕለቱ መብራቱ ሁሉ በርቷልና።

እኔ ከዚያ ወዲህ መኪናዬ ውስጥ ከየቀለሙ ሁለት ሁለት ፊውዝ በትንሽ ላስቲክ አስሬ እይዛለሁ። ባትሪና መቆንጠጫም አብረው አሉ። አንባቢም በዚህ ሳምንት አምስት ደቂቃ ወስዶ፣ ቀን በብርሃን፣ የራሱን ሳጥን ከፍቶ ይመልከት። ቁጥሩ ክዳኑ ላይ ከተጻፈው የሚበልጥ ፊውዝ፣ ሽቦ ወይም የሲጋራ ወረቀት ካገኘ መኪናውን ሳያስነሳ ባለሙያ ይጥራ። አባቶቻችን ሳይቃጠል በቅጠል ያሉት እኮ ለዚህ ነው።