አያትየዋን አማርኛ ማን አስተማራቸው?

ከቡታጅራ ወጣ ብሎ ባለ የመስቃን መንደር የሚጀምር አንድ ስክሪፕት አንብቤ ነበር፤ እስካሁን ከአእምሮዬ አልወጣም። ጸሐፊው በድራማ ክበብ ውስጥ የሚተውን ወጣት ነው። ለመስቀል ከአዲስ አበባ የመጣ የልጅ ልጅ አያቱ ቤት ያድራል። ልጁ የአያቱን ቋንቋ አይሰማም፤ አያትየዋ ደግሞ ከመንደራቸው ርቀው አያውቁም። እንዲህ ያለ ሀብት በእጁ ይዞ ሳለ ወጣቱ ገና በሁለተኛው ገጽ አያትየዋን እንደ ዜና አንባቢ በአማርኛ ያናግራቸዋል። የአባትየውን ኩርፊያ፣ የመሬቱን ክርክር፣ የእንሰቱን ድርሻ አንድ ሳይቀር ይዘረዝራሉ። ለምን ብዬ ብጠይቀው «ተመልካቹ እንዲገባው ነዋ፣ ጋሼ!» አለኝ።

ይህ መልስ ሰልችቶኛል። ወልቂጤ ብሄድም የሚጠብቀኝ እሱው ነው። ስክሪፕት ማለት ሰዎች የሚናገሩት ነው ይሉናል፤ ዲያሎግ ካማረ ፊልሙ አለቀ! ከየት እንደመጣ ይገባኛል። ብዙዎቻችንን ያሳደገን ሬዲዮ ነው። ጋሽ ወጋየሁ ንጋቱ የሐዲስ ዓለማየሁን «ፍቅር እስከ መቃብር» በሬዲዮ ሲተርኩት ሰው ሥራውን ትቶ ያዳምጥ ነበር። ሬዲዮ ግን ዓይን የለውም፤ ሁሉን በድምፅ ማድረስ ግዴታው ነው። ካሜራ እንሰት ሲፍቁ የኖሩ እጆችን ማሳየት ከቻለ አያትየዋ «ብዙ ደክሜያለሁ» ማለታቸው ምን ይጨምራል?

ጋሽ ደበበ እሸቱን እንይ። ሃንጋሪ ሄደው ቲያትር የተማሩ፣ እ.ኤ.አ. በ1973 በወጣው የሆሊውድ ፊልም «ሻፍት ኢን አፍሪካ» የተወኑ፣ ለመድረክ የተረጎሙና ያዘጋጁ ሰው ናቸው። ከአርባ ዓመት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ2014፣ ትውልደ ኢትዮጵያዊው ባዚ ጌቴ በሠራው «ቀይ ቅጠሎች» የተሰኘ የእስራኤል ፊልም ዋናውን ገጸ ባሕርይ ተጫወቱ። ሚስታቸው የሞተችባቸው አዛውንት ቤታቸውን ሸጠው ከልጆቻቸው ዘንድ ይገባሉ፤ ቤቱ ውስጥ ዕብራይስጥ ይነገራል፤ እሳቸው ዝም ይላሉ። ያ ሁሉ የመድረክ ድምፅ ያላቸው ተዋናይ ፊልሙን የተሸከሙት በፊታቸውና በአረማመዳቸው ነው። በኛ ወጣት ስክሪፕት ያሉት አያትም ከዚህ የራቁ አልነበሩም።

ወጣቱን የክበቡ ጓደኞች «አንተ ተዋናይ ነህ፤ ድርሰት ለደራሲ ተው» እንዳሉትም ሰምቻለሁ። ይህ ደግሞ ይብሳል። ትርፍ መስመርን ከተዋናይ በላይ ማን ያውቀዋል? በዓይኑ የጨረሰውን ነገር በአፉ እንዲደግም የሚታዘዘው እሱ ነው! ጋሽ ተስፋዬ ገሠሠ ተውነዋል፣ ጽፈዋል፣ አዘጋጅተዋል፣ አስተምረዋል፤ አንዱ ሥራ ሌላውን አላደናቀፈባቸውም። ቼኩ ዝዴኔክ ስቬራክም መምህር ነበር፤ በኋላ ጸሐፊም ተዋናይም ሆነ። እ.ኤ.አ. በ1996 በወጣው «ኮሊያ» የስክሪፕቱ ጸሐፊም መሪ ተዋናይም ራሱ ነው፤ ያዘጋጀው ልጁ ያን ነው፤ ፊልሙም በማግስቱ ዓመት በውጭ ቋንቋ ፊልም ዘርፍ ኦስካር አግኝቷል። ታሪኩ የአንድ የፕራግ ሙዚቀኛና እጁ ላይ የቀረ የአምስት ዓመት ሩሲያዊ ሕፃን ነው። ቋንቋ አላግባባ ሲላቸው ስቬራክ ሕፃኑን በአንድ ጊዜ ቼክኛ አላናገረውም። አለመግባባቱን እንዳለ ተወው፤ ፊልሙን የሠራውም ያው አለመግባባት ነው።

የመስቀሉ ስክሪፕት የሚፈልገው ይህን ነው። አያትየዋ በራሳቸው ቋንቋ ይጠይቁ፤ ልጁ ከጥያቄው የአባቱን ስም ብቻ ይስማ። ላልመጣው ልጃቸው ያስቀመጡትን የክትፎ ጣባ ለልጅ ልጃቸው ያቀርቡለታል ወይስ እዚያው ይተዉታል? ትዕይንቱ እዚህ ጋ ነው፤ አንድም የአማርኛ ቃል አያስፈልገውም። የቡታጅራ ተመልካች እንዳይገባው መስጋት ተመልካቹን መናቅ ነው፤ በየቤቱ ሁለትና ሦስት ቋንቋ እየሰማ ያደገ ሰው ነውና።

ስለዚህ ስክሪፕት ለምታመጡልኝ ሁሉ፦ መጀመሪያ ንግግሩን በሙሉ በወረቀት ሸፍናችሁ የቀረውን አንብቡት። ምንም ካልቀረ ገና አልጻፋችሁም፤ ከቀረ ግን ወልቂጤም ሆነ ቡታጅራ አምጡልኝ፣ ቁጭ ብለን እንሠራዋለን።