የቡችላ ጥፍር በትዕግሥት እንጂ በጉልበት አይቆረጥም

ውሻ ለወታደር ቤተሰብ የሌሊት ዘብ ነው። አባወራው ለግዳጅ ሲሰማራ ከባለቤቱና ከልጆቹ ጋር ደጁን የሚጠብቀው እርሱ ነው። ስለሆነም የዘቡ እግር ችላ ሊባል አይገባም።

በድንጋያማ መሬት የሚዞር ውሻ ጥፍሩ በራሱ ይሞረዳል። ከመተማ ማዶ እስከ ገዳሪፍና መፋዛ የተዘረጋው የማሽላና የሰሊጥ ሜዳ ግን በክረምት ወደ ለስላሳ ጭቃ የሚለወጥ መረሬ አፈር ነው፤ ጥፍር አይሞርድም። በተለይ ከፊት እግሩ ከፍ ብሎ የሚገኘው አምስተኛው ጥፍር መሬት ስለማይነካ፣ ካልተቆረጠ ተጠምዝዞ ሥጋ ሊወጋ ይችላል።

አንድ ባልደረባችን የቡችላውን ጥፍር በአንድ ቀን ለመጨረስ ሲል በጉልበቱ ተጭኖ ከመጠን በላይ ጎረደው። ደም ወጣ። ከዚያ ወዲህ ቡችላው እግሩን የሚነካውን ሁሉ እንደ ጠላት ይቆጥር ጀመር። ከሳምንት በኋላ የቤቱ ሕፃን በጨዋታ እግሩን ቢይዘው ነከሰው። ሕፃኑ ቁስሉ ታጥቦ ወደ ሕክምና ተወሰደ። ጥፋቱ ግን የቡችላው አልነበረም።

ትክክለኛው መንገድ እንደሚከተለው ነው። ማለማመዱ ቡችላው 3 ወር ሳይሞላው ቢጀመር ይመረጣል። በመጀመሪያዎቹ ቀናት መቁረጫው አይወጣም፤ ቡችላው ሲረጋጋ ትከሻውን፣ ቀጥሎም እግሩን፣ በመጨረሻ ጣቶቹን አንድ በአንድ እየዳሰሱ፣ ሽንኩርትና ቅመም ያልነካው የሥጋ ቅንጣቢ መስጠት ነው። በቀን 2 ደቂቃ ይበቃል። ከዚያ መቁረጫውን ያሽትት፤ ድምፁን ይስማ። ይህን ሁሉ ሲለምድ አንድ ጥፍር ብቻ ተቆርጦ በዚያው ይቆማል። እግሩን ከሳበ ይለቀቃል፤ አይመታም። በአብዛኛው ጥፍሮቹ 18 ናቸው፤ በአንድ ቀን ማለቅ የለባቸውም። ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል እንዲሉ።

በነጭ ጥፍር ውስጥ ሮዝ ሆኖ የሚታየው ደም ሥር ነው፤ አይነካም። ጥቁር ጥፍር ከጫፉ በጥቂት በጥቂቱ ይላጫል፤ መካከሉ ላይ ጠቆር ያለ ነጥብ ሲታይ ይቆማል። ድንገት ቢደማ የበቆሎ ዱቄት ነስንሶ ለጥቂት ደቂቃዎች ጫን አድርጎ መያዝ ነው።

እኅቶችና ጓዶች! ጉዳዩ የጥፍር ብቻ አይደለም። ሰውነቱን ለመነካት የለመደ ውሻ ለክትባትም አያስቸግርም። ሰውን ከሚይዘው የእብድ ውሻ በሽታ 99 በመቶ የሚሆነው የሚተላለፈው በውሻ ነው። ውሻ የነከሰው ወይም የቧጨረው ሰው ቁስሉን ለ15 ደቂቃ በውኃና በሳሙና አጥቦ፣ በዚያው ቀን ሐኪም ዘንድ መቅረብ አለበት።

በፍርሃት የተገኘ ታዛዥነት በፈተና ሰዓት ይከዳል፤ በመተማመን የተገነባው ግን ይጸናል። ይህ እውነት ለጦር ክፍል ብቻ ሳይሆን ለደጃፋችን ዘብም ይሠራል።