የደራሲን ሕይወት በፊልም መግለጽ

የአንድን ሰው የሕይወት ታሪክ ስትጽፉ ከልደቱ እስከ ሞቱ ያለውን ሁሉ መዘርዘር ግድ ይመስላችሁ ይሆናል። ይሁን እንጂ ገለጻ ከሁሉ አስቀድሞ ምርጫን ይጠይቃል። አንድ ምሳሌ እንመልከት።

ቶማስ በርንሃርት (እ.ኤ.አ. 1931–1989) ስለ ብቸኝነት፣ ስለ ሕመምና ስለ ሞት ደጋግሞ የጻፈ፣ በጨለምተኝነቱ የታወቀ ኦስትሪያዊ ደራሲ ነው። በወጣትነቱ የሳንባ በሽታ ከሞት አፋፍ አድርሶት ነበር። የአገሩ ልጅ የሆነው የፊልም አዘጋጅ ፌሪ ራዳክስ እ.ኤ.አ. በ1970 «ሦስት ቀናት» የተባለውን ፊልም ሲሠራ ይህን ታሪክ በተዋንያን አላሳየም። ይልቁንም ደራሲውን በጀርመን አገር፣ በሃምቡርግ ከተማ መናፈሻ ውስጥ በነጭ አግዳሚ ወንበር ላይ አስቀምጦ፣ ለሦስት ቀናት ስለ ራሱ እንዲናገር አደረገው።

ልብ በሉ፤ ብቸኝነቱን ወንበሩ ያሳያል፤ ሐሳቡን አንደበቱ ይገልጻል። «ጨለምተኛ ነው» ብሎ ማለፍ ቀላል ነበር፤ ነገር ግን ስለ ሞት የሚያወሳው ያው ሰው መናገሩንና መጻፉን አለማቆሙ ተሰውሮ በቀረ ነበር።

እናንተም ስለምታውቁት ሰው ስትጽፉ በቅጽል አትፍረዱበት፤ የሚቀመጥበትን ስፍራና የሚናገረውን ቃል መርጣችሁ አሳዩ፤ ፍርዱን ለአንባቢ ተዉለት።