ከመጨረሻው ፍርድ በፊት የተሰጠን ጊዜያዊ የዕግድ ትዕዛዝ ስለመቃወም

በፍትሐ ብሔር ክርክር ፍርድ ቤት ዋናውን ጉዳይ ከመወሰኑ በፊት አንድ ንብረት እንዳይሸጥ ወይም ለሌላ እንዳይተላለፍ ጊዜያዊ ዕግድ ሊሰጥ ይችላል። ትዕዛዙ የደረሳቸው ባለጉዳዮች ብዙውን ጊዜ «ይግባኝ የምለው የት ነው?» ብለው ይጠይቃሉ። በአብዛኛው ግን በቅድሚያ መቅረብ ያለባቸው ትዕዛዙን ለሰጠው ችሎት ነው።

ለምሳሌ ከመስቀል አደባባይ ወደ ካዛንቺስ በሚወስደው መንገድ ላይ የንግድ ቤት ያላቸው አንዲት ወይዘሮ ቤቱን ለመሸጥ ቀብድ ተቀብለዋል እንበል። በዚያው ሳምንት ወንድማቸው «ቤቱ የጋራ ውርሳችን ነው» በማለት ክስ መሥርተው ቤቱን ያሳግዳሉ። ዕግዱ ቤቱ የወንድምየው ድርሻ አለበት ብሎ አልወሰነም፤ ክርክሩ እስኪያልቅ ንብረቱን ባለበት ያቆያል እንጂ። ለወይዘሮዋ ግን ጉዳቱ ቀላል አይደለም፤ ሽያጩ በእርሳቸው ምክንያት ከቀረ ቀብዱን እጥፍ አድርገው እንዲመልሱ ሊጠየቁ ይችላሉ።

በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 320(3) በክርክር መካከል በሚሰጡ ትዕዛዞች ላይ ወዲያውኑ ይግባኝ ማለትን አይፈቅድም። ቅሬታው በመጨረሻው ፍርድ ላይ ይግባኝ ሲቀርብ አብሮ ይነሣል። የሕጉ ዓላማ ክርክሩ በየትዕዛዙ እየተቋረጠ እንዳይጓተት ነው። ሆኖም በንዑስ ቁጥር 4 መሠረት ሰው እንዲያዝ ወይም እንዲታሰር፣ ንብረት ከአንዱ ተከራካሪ ወደ ሌላው እንዲተላለፍ የሚያዝ፣ እንዲሁም አካልን ነፃ የማውጣት አቤቱታን ውድቅ የሚያደርግ ትዕዛዝ ወዲያውኑ ይግባኝ ይባልበታል። የወይዘሮዋ ቤት ታገደ እንጂ ለወንድማቸው አልተላለፈምና ከእነዚህ ውስጥ አይገባም።

ለእርሳቸው የሚጠቅመው ቁጥር 158 ነው። በዚህ ድንጋጌ መሠረት በትዕዛዙ ቅር የተሰኘ ተከራካሪ ዕግዱ እንዲነሣ፣ እንዲሻሻል ወይም እንዲሰረዝ ለዚያው ፍርድ ቤት ማመልከት ይችላል። አቤቱታው በዚያው መዝገብ ቁጥር ይቀርባል። «ተበድያለሁ» የሚል ጥቅል ቃል ግን ብዙ አይረዳም። በቁጥር 154 መሠረት ዕግድ የሚሰጠው በተለይ ንብረቱ እንዳይባክን፣ እንዳይበላሽ ወይም እንዳይተላለፍ በመሆኑ፣ አመልካች ይህ ሥጋት እንደሌለ ወይም በሌላ መንገድ ሊወገድ እንደሚችል በማስረጃ ቢያሳዩ ይሻላል። ወይዘሮዋ የይዞታ ማረጋገጫቸውንና የሽያጭ ውሉን አያይዘው፣ ዕግዱ ቢቀር ከሽያጩ ገንዘብ አከራካሪው ድርሻ በፍርድ ቤት እንዲቀመጥ ወይም በቂ ዋስትና እንዲያቀርቡ ሊጠይቁ ይችላሉ። ዕግዱን ማሻሻል ብዙውን ጊዜ ፈጽሞ ከማስነሣት ይልቅ የሚቀል ጥያቄ ነው።

አቤቱታው እስኪወሰን ድረስ ዕግዱ የጸና ነው፤ ትዕዛዙ ስሕተት ነው ብሎ ማመን ንብረቱን ለመሸጥ አያበቃም።

አዲስ አበባ ውስጥ የፌዴራልም የከተማ አስተዳደሩም ፍርድ ቤቶች ስላሉ፣ ወደ ሬጅስትራር ከመሄድዎ በፊት በትዕዛዙ ራስጌ ላይ የተጻፈውን የፍርድ ቤቱን ስም፣ የምድብ ችሎቱን እና የመዝገቡን ቁጥር ያረጋግጡ። ዋናው ጉዳይ ተወስኖ በፍርዱ ላይ ይግባኝ ካሉ ደግሞ የይግባኙ ጊዜ ፍርዱ ከተሰጠበት ቀን ጀምሮ 60 ቀን ነው፤ በዕግዱ ላይ ያለዎት ቅሬታም በይግባኙ ማመልከቻ ውስጥ ይካተታል።